ተዋናዩ ከደሴ ለምን ይወጣል?

ክረምት ላይ ደሴ ውስጥ ቴአትር ያየ ሰው የቆርቆሮውን ጩኸት አይረሳም። ዝናቡ ከጦሳ በኩል ሲመጣ ጣሪያው አዳራሹን በሙሉ ይውጠዋል፤ የተዋናዩ አፍ ሲንቀሳቀስ ይታያል እንጂ ቃሉ ሦስተኛው ረድፍ ሳይደርስ ይቀራል። ልጅ ሳለሁ በአንድ ትምህርት ቤት አዳራሽ ያየሁት ተዋናይ እንዲህ ባለ ሰዓት ያደረገውን እስከ ዛሬ አስታውሳለሁ። የሚጫወተው አባት ሆኖ ነበር። ከልጁ ጋር ሊጣላ አፉን ሲከፍት ዝናቡ ወረደ። አልጮኸም። ዱካው ላይ ተቀመጠ፣ ጋቢውን እንደገና አጣፋ፣ ቀና ብሎ ጣሪያውን አየና ጠበቀ። ልጅ ሆኖ የሚጫወተውም ነገሩ ገባውና ከበሩ ሥር ቁጢጥ አለ። የተኳረፉ አባትና ልጅ ዝናብ ሲያዳምጡ ለብዙ ደቂቃ አየን። ሲያባራ አባትየው «ጤፉ ውሃ ተኛበት» አለ፤ ጠቡም ከዚያ ቀጠለ።

ይህ ቃል በጽሑፉ ላይ አልነበረም። ሰውየውን ከዓመታት በኋላ ቀርቤ ሳውቀውና ጋሼ ማለት ስጀምር፣ በመጀመሪያ የጠየቅሁት ያንን ቀን ነበር።

«ጋሼ፣ እንዴት አሰብከው?»

«አላሰብኩትም» አለኝ። «ዘጠነኛ ቀናችን ነበር። የመጀመሪያው ቀን ቢዘንብብኝ ኖሮ እንደማንም ሰው እጮህ ነበር።»

ጋሼ ሁለት ጊዜ አዲስ አበባ ወርዶ ሁለት ጊዜ ተመልሷል። ከእሱ በፊትም በኋላም የወጡት አብዛኞቹ አልተመለሱም። ስለ ወሎና ስለ ኪነ ጥበብ በተነጋገርን ቁጥር «ወሎ እኮ የጥበብ አገር ናት» እንባባላለን፤ ነገሩም እውነት ነው። ታዲያ የጥበብ አገር የተባለችው ወሎ የራሷን ተዋናይ ቤቱ ማቆየት ለምን አቃታት? ብዙ ሰው መልሱ ገንዘብ ነው ይላል። ገንዘብ የራሱ ድርሻ አለው፤ እኔ ግን መልሱ ያ ዘጠነኛ ቀን ነው እላለሁ።

በመጀመሪያ ወሎ ለተዋናይ የምትሰጠውን እንቁጠር፤ ብዙ ነውና። ጎሕ ሳይቀድ ከደጅ የሚያዜሙትን ላሊበሎች የሰማ ሰው የትወና ትምህርት ምን እንደሚመስል ሰምቷል። ላሊበሎች የሚዞሩት በወሎ ብቻ አይደለም፤ ወሎ ውስጥ ያደገ ልጅ ግን ከእንቅልፉ በእነሱ ድምፅ ነቅቶ ያውቃል። ባልና ሚስት ሆነው ይመጣሉ። እሷ አዝማቹን ትይዛለች፣ እሱ ግጥሙን ያወርዳል። ከደጅ ከመቆማቸው በፊት ግን ሥራቸውን ሠርተዋል፤ የአባወራውን ስም፣ የእመቤቲቱን ስም፣ የቤቱን ወግ ከጎረቤት ጠይቀው አጣርተዋል። በሩ እንደተዘጋ፣ ፊታቸው ሳይታይ፣ ድምፅ ብቻ ሆነው ባለቤቱን በስሙ እየጠሩ ያወድሱታል። ውስጥ ያለው ሰው እያዳመጠ መሆኑን፣ ፈገግ ማለቱን፣ ወይም ብርድ ልብሱን ተከናንቦ መተኛቱን ከበሩ ማዶ በጆሮ ብቻ ለክተው ግጥሙን ይለውጡታል። ካላዜሙ ደዌ ይይዛቸዋል የሚለው አሮጌ እምነት ብዙ ጊዜ ይወራል። ስለ ጥበባቸው የሚያወራ ግን ጥቂት ነው፤ ይህ ሁልጊዜ ያሳዝነኛል። ስለ ገጸ ባሕርይው ሳይጠይቅ መድረክ የሚወጣ ተዋናይ አንድ ሌሊት ከእነሱ ጋር ቢያድር ያፍር ነበር።

አልቃሽም አለች። ለቅሶ ቤት ገብታ ስለ ሟች ትጠይቃለች፤ ምን ይወድ እንደነበር፣ ከማን ጋር ተኳርፎ እንደሞተ፣ የትኛው ልጁ ሳይደርስለት እንደቀረ። ከዚያ ስታወርደው የተኳረፈው ሰው ጥግ ቆሞ ያለቅሳል። መንዙማም አለ። ከወሎዎቹ የእስልምና ትምህርት ማዕከላት፣ ከጀማ ንጉሥ፣ ከዳና፣ ከጌታ ሼኾች የወረደው፣ በኋላም በሼህ ሙሐመድ አወል ሐምዛ ድምፅ በካሴት አገሩን ያዳረሰው መንዙማ በመሪና በተቀባይ የቆመ ነው። መሪው ስንኙን ያወርዳል፣ ጀማው ይቀበላል፣ ድቤው ይመታል፤ የጀማው ትንፋሽ ሲዝል መሪው ዜማውን ያነሣዋል፣ ሲግል ያበርደዋል። ይህ ሃይማኖት ነው፤ ቴአትር ነው ብዬ ላሳንሰው አልፈልግም። ነገር ግን በዚያ ቤት ያደገ ልጅ መድረክ ላይ ሲቆም የተመልካቹን ትንፋሽ መስማት ማንም ሳያስተምረው ያውቃል። ባቲና አምባሰል የቅኝት ስም ከመሆናቸው በፊት የወሎ አገር ስሞች መሆናቸውን መጨመር አያስፈልገኝም።

እንግዲህ ጆሮው አለ፣ ድምፁ አለ፣ ድፍረቱም አለ። የሌለው ቀኑ ነው።

ቀን ስል ምን ማለቴ እንደሆነ ባቲን የሚያውቅ ይረዳኛል። የባቲ ገበያ ሰኞ ነው። አፋሩ ግመሉን እየነዳ ከቆላ፣ ኦሮሞውና አማራው ከደጋው የሚገናኙት ማስታወቂያ ስለተለጠፈላቸው አይደለም፤ ቀኑን ስለሚያውቁ ነው። ደሴም ውስጥ ሰፈሩ ሳይቀር ሰኞ ገበያ ይባላል። ገበያ በዓመት አንድ ጊዜ፣ ባለሥልጣን ሲመጣ ብቻ የሚቆም ቢሆን ኖሮ በሬ የሚያደልብ፣ ጥጥ የሚፈትል ሰው አይኖርም ነበር። ቴአትርም እንደዚሁ ነው። ተመልካች ቀኑን የሚያውቀው ቴአትር ካለ ተዋናይ ይደልባል፤ ከሌለ ተሰጥኦው እንዳለ ይደርቃል።

አዲስ አበባ ያላት ይኸው ነው። የዘመናዊው ቴአትራችን ታሪክ ከተማ ተኮር ሆኖ ነው የተወለደው። በጅሮንድ ተክለሐዋርያት ተክለማርያም የመጀመሪያውን ተውኔት በ1913 ዓ.ም አካባቢ ያሳዩት አዲስ አበባ፣ ለመኳንንቱ ነበር። ሀገር ፍቅር በ1927 ሲቋቋም፣ የዛሬው ብሔራዊ ቴአትር በ1948 ለንጉሡ የዘውድ በዓል ኢዮቤልዩ ሲከፈት፣ በኋላም ማዘጋጃ ቤቱ፣ ራስ ቴአትር፣ ሕፃናትና ወጣቶች ሲጨመሩ ሁሉም እዚያው ናቸው። እነዚህ ቤቶች ተዋናይን በደመወዝ ቀጥረው፣ ለእያንዳንዱ ተውኔት በሳምንት ቀን ሰጥተው ኖረዋል። አንድ ተውኔት ከያዘ ዓመት፣ አንዳንዱም ከዚያ በላይ ይታያል። ወር ሙሉ የሚያጠኑት ሥራ ሃምሳ ጊዜ መድረክ ላይ ይፈተናል ማለት ነው። ወጋየሁ ንጋቱን፣ ደበበ እሸቱን፣ ፍቃዱ ተክለማርያምን የሠራቸው ተሰጥኦ ብቻ አይደለም፤ ያ ምልልስ ነው። ወጋየሁ የሐዲስ ዓለማየሁን ልቦለድ በሬዲዮ ሲተርክ እያንዳንዱን ሰው በየድምፁ ያወጣው በመድረክ የተሞረደ ድምፅ ስለነበረው ነው። ያ ድምፅ ቴአትር ቤት አይቶ የማያውቀውን የወሎ ገበሬም በሬዲዮ ደርሶታል።

ወሎ ለቀኑ በጣም የቀረበችው፣ መናገሩ ለአንዳንዶች ባይጥምም፣ በደርግ ዘመን ነበር። በየክፍለ ሀገሩ የኪነት ቡድን ሲቋቋም የእኛው ወሎ ላሊበላ ወጣ፤ ማሪቱ ለገሠን ያህል ድምፅ ከዚያ ሰማን። ቡድኑ ዋና ሥራው ዘፈንና ውዝዋዜ ቢሆንም በዚያ ዘመን ኪነት ሲባል አጫጭር ተውኔቶችም አብረው ይሄዱ ነበር። ይዘቱ የመንግሥት ልሳን እንደነበር አልክድም፤ ብዙው ዛሬ ቢታይ የሚቆም አይደለም። ነገር ግን የጥናት ሰዓት ነበረው፣ ደመወዝ ነበረው፣ ከወረዳ ወረዳ ይዞር ነበር። 1983 ሲመጣ በአገሩ አብዛኞቹ ቡድኖች ተበተኑ። ይዘቱን መጣል ተገቢ ነበር፤ ከይዘቱ ጋር የጥናት ሰዓቱንና ዙሩን አብረን መጣላችን ግን እስከ ዛሬ ዋጋ እያስከፈለን ነው።

ከዚያ በኋላ ያደግነው የእኔ እኩዮች ቴአትርን ያወቅነው በትምህርት ቤት ክበብ ነው። በ1990ዎቹ ፀረ ኤድስ ክበብ የሌለው ትምህርት ቤት አልነበረም፤ ክበቡም ድራማ የማይሠራበት ወር አልነበረም። ብዙ የክፍለ ሀገር ተዋናይ የመጀመሪያ ሚናው በኤች አይ ቪ የተያዘ ወጣት ወይም ምክር የማይሰማ ጎረምሳ ነው። መንገዱ ጥሩ መነሻ ነበር። ችግሩ መነሻው መድረሻ ሆኖ መቅረቱ ነው። ዛሬም በደሴ፣ በኮምቦልቻ፣ በወልዲያ ያለ ተዋናይ አብዛኛውን ሥራ የሚያገኘው አንድ መሥሪያ ቤት ወይም ግብረ ሰናይ ድርጅት ስለ ክትባት፣ ስለ ስደት፣ ስለ ያለዕድሜ ጋብቻ መልእክት ሲፈልግ ነው። በሦስት ቀን ይጠናል፣ አንድ ቀን ይታያል፣ አበሉ ይከፈላል፣ ያልቃል። መልእክቱ ጠቃሚ መሆኑን አልጠራጠርም፤ እናት ክትባት እንድታስከትብ ካደረገ ተዋናዩ ይኮራበት። ግን በሦስት ቀን ጥናት፣ በአንድ ቀን ማሳያ ሰው ተዋናይ አይሆንም። ድምፅ ማጉያ ይሆናል።

ስለዚህ ይወጣል። መኪናው በሐረጎ ጠመዝማዛ ወደ ኮምቦልቻ ሲወርድ ስንት ልጅ አንድ ሻንጣና አንድ በቃል የተያዘ ክፍል ይዞ እንደወረደ ማን ቆጥሮት? መንገዱ 400 ኪሎ ሜትር ያህል ነው። ሌላው ርቀት ግን በኪሎ ሜትር አይለካም።

ከሐይቅ ከተማ የወጣች አንዲት ልጅ የነገረችኝን ልንገራችሁ። የተዋንያን ፈተና ላይ ቀርባ «ከየት ነሽ?» ሲሏት «ተሐይቅ» አለች። ወሎዬ «ከ»ን «ተ» ማለቱ ጥንትም ያለ ነው። ጠረጴዛው ዙሪያ ያሉት ሳቁ፤ በክፋት አልነበረም ትላለች፣ ደስ ብሏቸው ነው የሳቁት። ከዚያ ያዘጋጀችውን የአሳዛኝ ሚስት ክፍል ሳትጨርስ አስቁመዋት የቤት ሠራተኛ ሚና ሰጧት። ያን ቀን ማታ ሬዲዮ ከፍታ ዜና አንባቢዋን ተከትላ መናገር ጀመረች። ከሁለት ዓመት በኋላ ለበዓል ቤቷ ስትመጣ እናቷ «ምነው ልጄ፣ እንግዳ ሆንሽብን» አሏት። ፈተናውንም ከዚያ በኋላ አለፈች፤ እየሠራችም ነው፣ ደስ ይለኛል። ግን እንዲህ አለችኝ፦ «አሁን በደንብ እናገራለሁ፤ ስቆጣ ግን ቁጣው አይመጣልኝም። የምቆጣው በሐይቅ ነበር።»

ይህን ቃሏን ስለ ትወና ከተጻፈ ብዙ ነገር በላይ አስበዋለሁ። አነጋገር ልብስ አይደለም፤ ከሥሩ ትንፋሽ፣ የእጅ እንቅስቃሴ፣ የዝምታ ርዝመት አለ። ተዋናይን አነጋገርህን ጣል ስትለው እነዚህንም አብሮ ይጥላል። ከዚያ ደግሞ የወሎ ሰው በፊልም ውስጥ ሲያስፈልግ አዲስ አበባ ያደገ ተዋናይ ይመረጥና በየዓረፍተ ነገሩ «አብሽር» ይጨምርበታል። አብሽር እንደዚያ የሚረጭ ቃል አይደለም። ልጁ የታመመችበት፣ ከብቱ የሞተበት፣ ልቡ የተሰበረ ሰው ፊት የሚባል ነው፤ የሚለው ሰውም ብዙ ጊዜ ትከሻ ይዞ ነው የሚለው። ወሎ ውስጥ ክርስቲያኑ «ወላሂ» ብሎ ይምላል፤ ያንን ቃል እንግዳ ሳያደርግ፣ ሳቅ ሳያደርግ መናገር የሚችለው አብሮት ያደገ ምላስ ነው። የወሎ ገጸ ባሕርይ በስክሪን ላይ ወይ ገራገር፣ ወይ ቆንጆ፣ ወይ ቡና አፍይ ሆኖ የሚቀረው ጸሐፊዎቻችን ክፉ ስለሆኑ አይደለም። ወሎዬ ተንኮለኛ፣ ወሎዬ ዳኛ፣ ወሎዬ የተሰበረ አባት ሆኖ መድረክ ላይ ደጋግሞ ስላልታየ፣ የሚቀዱበት ምንጭ ስለሌላቸው ነው።

ስክሪኑስ ቀዳዳውን አይሞላም ወይ? ብዙ ወጣቶች ይህን ይጠይቁኛል፤ ዛሬ ካሜራ በየኪሱ ነው፣ ድራማ በዩቲዩብ ከደሴም መልቀቅ ይቻላል። ይቻላል፤ የሚሠሩትንም አደንቃለሁ። ነገር ግን ካሜራና መድረክ ከተዋናይ የሚፈልጉት የተለያየ ነው። የመጀመሪያው የአማርኛ ረጅም ፊልም በ1957 ከወጣ በኋላ በነበሩት ዓመታት ወደ ካሜራ የሚሄደው ተዋናይ መድረክ ላይ ከበሰለ በኋላ ነበር። ደበበ እሸቱ በ1960ዎቹ አጋማሽ በሆሊውድ ፊልም ውስጥ ሲታይ ከኋላው የዓመታት መድረክ ነበረው። ዛሬ ቅደም ተከተሉ ተገልብጧል። ፊት አምሮ ከተገኘ ቀረጻ ላይ ይቆማል፤ አንድ ቃል ሦስት ወይም አራት ጊዜ ይባላል፣ ጥሩው ይመረጣል፣ ከዚያ በኋላ ያ ቃል ከተዋናዩ ጋር ዳግመኛ አይገናኝም። ካሜራ ያለህን ይወስዳል። የሚጨምርልህ መድረክ ነው።

ወሎ ደግሞ ካሜራ ፊትን ሲወስድ ምን እንደሚመስል ከማንም በላይ ታውቃለች። ዓለም የወሎን ፊት በሰፊው ያየው በ1977፣ በኮረም የረሃብ ሜዳ ላይ ነው። ያ ምስል ሕይወት አድኗል፤ አመስጋኞች ነን። ነገር ግን ከዚያ ሁሉ ፊት መካከል ራሱ ሲናገር የተሰማው ስንት ነው? ያ ትውልድ የራሱን ታሪክ በራሱ ምላስ፣ በራሱ መድረክ ሲያወራው ገና አላየንም። ለእኔ የደሴ ቴአትር ጉዳይ የመዝናኛ ጉዳይ ብቻ የማይሆነው ለዚህ ነው።

ገንዘቡን ባጭሩ ልለፈው። የፊልም ተዋናይ በአብዛኛው በውል አንድ ጊዜ ይከፈለዋል፤ ሥራው ቢደጋገም፣ በየስክሪኑ ቢዞር ወደ እሱ የሚመለስ ነገር እምብዛም ነው። የቅጅና ተዛማጅ መብቶች አዋጅ ቁጥር 410/1996 ለከዋኙ መብት ይሰጣል፣ በ2007 የወጣው ማሻሻያም የሮያሊቲ መሰብሰቢያ መንገድ አበጅቷል፤ ከወረቀቱ ወደ ተዋናዩ ኪስ ያለው መንገድ ግን ገና ረጅም ነው። ፍቃዱ ተክለማርያም ኩላሊቱን ታሞ በ2010 ሲያርፍ፣ ያን ያህል ዘመን ያገለገለ ታላቅ ተዋናይ ለሕክምናው የሕዝብ መዋጮ እንዳስፈለገው ሁላችንም አይተናል። በደመወዝ መድረክ የኖረው እንዲህ ከሆነ፣ ደሴ ውስጥ በአበል የሚኖረውን አስቡት።

የቅርቡ ዘመንም ምሕረት አላደረገም። በመጋቢት 2012 ወረርሽኙ አዳራሾችን ዘጋ። ከጥቅምት እስከ ኅዳር 2014 ደሴና ኮምቦልቻ በጦርነቱ ውስጥ ወደቁ፤ የደሴ ሙዚየም ሳይቀር ተዘረፈ። ከ2015 ማብቂያ ወዲህ በክልሉ ያለው ግጭት ደግሞ መንገዱንና ማታውን ነጠቀን። በዚህ መካከል ስለ ቴአትር ማውራት ቅንጦት የሚመስለው ሰው እንዳለ አውቃለሁ፤ ፊት ለፊት የነገሩኝም አሉ። እኔ ግን በጦርነቱ ማግስት ለቅሶ ቤቶች ውስጥ ሰው እንዴት በአልቃሽ ድምፅ ውስጥ ራሱን እንደፈለገ አይቻለሁ። ሰው የደረሰበትን ነገር ሌላ ሰው ሆኖ፣ ቅርጽ ሰጥቶ፣ ፊቱ ሲያቆምለት ማየት ይፈልጋል። ይህን ማድረግ የተዋናይ ሥራ ነው።

የምጠይቀው ትልቅ ሕንፃ አይደለም፤ ፌስቲቫልም አይደለም። ፌስቲቫል በመጣ ቁጥር ባነር ይሰቀላል፣ ንግግር ይደረጋል፣ ተዋናዩ አንድ ማታ ይጫወትና ባነሩ ሲወርድ እሱም ይወርዳል። የምጠይቀው ቀን ነው። አዳራሽ አለ፤ ወሎ ባህል አምባ ደሴ መካከል ቆሟል፣ ትምህርት ቤቶችም አዳራሽ አላቸው። አራት ወይም አምስት ሰው የሚይዝ ተውኔት ይመረጥ፣ በወሎ አነጋገር ይጻፍ፣ ሳምንት በሳምንት በአንድ ቀን ለሦስት ወር ይታይ። የመጀመሪያው ሳምንት ሃያ ሰው ይመጣ ይሆናል። ይምጣ። ባቲም በመጀመሪያው ሰኞ ዛሬ የምናውቃት ባቲ አልነበረችም። ሦስት ወር አሥራ ሁለት፣ አሥራ ሦስት ጊዜ ነው፤ ዘጠነኛው ቀን እዚያ ውስጥ አለ።

ይህን ሐሳብ ለጋሼ ስነግረው እንደ አዲስ ነገር አልሰማኝም። የምንቀመጠው እሱ ቤት በረንዳ ላይ ነበር፣ ሁለተኛው ቡና እየተቀዳ። ለካ እሱ ሲያስብበት ኖሯል።

«ሰኞ አይሆንም» አለኝ፤ «ሰው ገበያ ውሎ ይደክማል። ዓርብ ጁምዓ ነው። እሑድ ቅዳሴ አለ፣ ማኅበር አለ፣ ሠርግ አለ። ቅዳሜ ነው። ማታም አይሆንም፣ ሰው ቤቱ በጊዜ መግባት አለበት። ዘጠኝ ሰዓት ይጀመር፣ አሥራ አንድ ሳይሞላ ይለቅ፤ ተኩታበር የሚመጣውም መኪና ያገኛል።»

የትኛው ተውኔት ይቅደም ብዬ ጠየቅሁት። አልመለሰልኝም። ስኒውን አስቀመጠ፣ ጋቢውን አጣፋ፣ ከዚያ ያን አባት ሆኖ፣ ከልጁ ጋር የሚጣላበትን ክፍል ከመጀመሪያው ጀመረ።